በ49 ቀን ውስጥ ፓስፖርትም፣ ኤንቢኤም፦ የያኒስ አንቴቶኩንፖ ታሪክ ከስሩ

ሜይ 9 ቀን 2013። አቴንስ ተወልዶ፣ አቴንስ ተምሮ፣ ግሪክኛን እንደማንኛውም የሰፈሩ ልጅ የሚያወራ የ18 ዓመት ወጣት የግሪክ ዜግነት ተሰጠው። እስከዚያች ቀን ድረስ በእጁ ምንም ፓስፖርት አልነበረውም። የግሪክም፣ የወላጆቹ አገር የናይጄሪያም።

ጁን 27 ቀን 2013። ይኸው ልጅ ኒውዮርክ፣ ብሩክሊን ውስጥ በኤንቢኤ ድራፍት 15ኛ ሆኖ ስሙ ተጠራ።

በመሃል ያለው 49 ቀን ነው። ድፍን ሰባት ሳምንት።

ዛሬ ያኒስ አንቴቶኩንፖን የማያውቅ የቅርጫት ኳስ ተመልካች የለም። ኳሱን የማትከታተሉትም ብትሆኑ የሆነ ቀን ስልካችሁ ላይ ከመሃል ሜዳ ተነስቶ በሁለት እርምጃ ሪንጉ ላይ የሚሰቀል ረጅም ሰውዬ ሳታዩ አትቀሩም። እሱ ነው። ግን ቪዲዮዎቹ የማያሳዩት ነገር አለ። ይሄ ሰው የልጅነት ዘመኑን በሙሉ የኖረው «አንተ የየት አገር ሰው ነህ?» ለሚለው ጥያቄ የሚያሳየው ወረቀት ሳይኖረው ነው። እስቲ ከስሩ እንየው። (ቀኖቹ በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው፤ ሌላ ካለ እነግራችኋለሁ።)

ከሌጎስ እስከ ሴፖሊያ

አባትየው ቻርልስ ዮሩባ ናቸው፣ እናትየው ቬሮኒካ ደግሞ ኢግቦ። ሁለቱም ስፖርተኞች ነበሩ። እሳቸው እግር ኳስ ይጫወቱ ነበር፣ እሷ ደግሞ ከፍታ ዝላይ። በ1990ዎቹ መጀመሪያ የተሻለ ኑሮ ፍለጋ ከሌጎስ ተነስተው ወደ አውሮፓ ወጡ። የመጀመሪያ ልጃቸውን ፍራንሲስን ናይጄሪያ ለአያቶቹ ትተው ነው የሄዱት። ልጅን ለአያት ትቶ መሰደድ ምን ማለት እንደሆነ ለእኛ አገር ሰው ማስረዳት አያስፈልግም።

ግሪክ ከገቡ በኋላ አራት ወንዶች ተወለዱ፦ ታናሲስ፣ ያኒስ፣ ኮስታስ እና አሌክስ። ያኒስ የተወለደው ዲሴምበር 6 ቀን 1994 ነው። ሰፈራቸው ሴፖሊያ ይባላል፣ ስደተኛ የሚበዛበት የአቴንስ መንደር።

ኑሮ ከባድ ነበር። ወረቀት የሌለው ሰው ቋሚ ሥራ አያገኝም፤ ስለዚህ ወላጆቹ የተገኘውን ሁሉ ይሠሩ ነበር። ልጆቹም ዝም ብለው አልተቀመጡም። ያኒስ እና ታናሲስ ሰዓት፣ መነጽር፣ የሴት ቦርሳ እና ዲቪዲ ይዘው የአቴንስን መንገዶችና የቱሪስት ቦታዎች እየዞሩ ይሸጡ ነበር። በቃ፣ የእኛ ሰፈር ሱቅ በደረቴ እንደሚባለው። የሸጡ ቀን ይበላል፣ ያልሸጡ ቀን ፍሪጁ ባዶ ነው። ኪራይ መክፈል አቅቷቸው ከቤት የወጡበት ጊዜም ነበር። ከዚህ ሁሉ በላይ ደግሞ አንድ ፍርሃት አለ፦ ፖሊስ ወላጆቹን መንገድ ላይ ይዞ «ወረቀት» ቢላቸው፣ ልጆቹ ትምህርት ቤት ውለው ሲመለሱ ቤቱ ባዶ ሊሆን ይችላል።

እዚያው ተወልዶ እንዴት ዜጋ አልሆነም?

ብዙ ሰው ግራ የሚጋባው እዚህ ጋ ነው። አሜሪካ የተወለደ ልጅ አሜሪካዊ ነው ሲባል ስለምንሰማ ሁሉም አገር እንደዚያ ይመስለናል። አይደለም።

ዜግነት በሁለት ዋና መንገድ ይገኛል። አንደኛው በተወለዱበት አፈር ነው፤ አሜሪካ እንደዚህ ናት። ሁለተኛው በደም ነው፤ ማለትም ቁም ነገሩ የት ተወለድክ ሳይሆን የማን ልጅ ነህ ነው። ግሪክ በደም ከሚሄዱት አገሮች ናት። ያኒስ አቴንስ መሃል ቢወለድም ወላጆቹ ግሪካዊ ስላልሆኑ በሕጉ ዓይን የውጭ ሰው ነበር። ተወልዶ ካደገበት ከተማ ሌላ አገር አያውቅም፣ ግን «የውጭ ሰው»።

«ታዲያ ናይጄሪያዊ ነዋ!» ትሉ ይሆናል። ልክ ናችሁ፣ በናይጄሪያ ሕገ መንግሥት የናይጄሪያዊ ልጅ የትም ቢወለድ ናይጄሪያዊ ነው። ግን ወረቀት ላይ ያልሰፈረ መብት ድንበር አያሻግርም። ያኒስ የናይጄሪያም ሰነድ አልነበረውም። ስለዚህ በተግባር አገር አልባ ሆኖ ነው ያደገው።

ይሄ ነገር እኛንም ይመለከታል። የእኛም ሕግ በደም ነው የሚሄደው። በ1996 ዓ.ም የወጣው የዜግነት አዋጅ ቁጥር 378 እናቱ ወይም አባቱ ኢትዮጵያዊ የሆነ ሰው በትውልድ ኢትዮጵያዊ ነው ይላል። አንዱ ወላጅ ይበቃል፣ እናትም ብትሆን። ቤይሩት ይወለድ ጅዳ ለውጥ የለውም። ግን እዚያ የሄዱ እህቶቻችን የወለዷቸው፣ የልደት ወረቀት እንኳ የሌላቸው ልጆች አሉ። ሕጉ «የእኛ ነህ» ይላቸዋል፤ የሚያሳዩት ነገር ግን የላቸውም። የያኒስ ልጅነት ልክ ይሄው ነበር።

አንድ ጫማ ለሁለት

ያኒስ ልጅ እያለ ልቡ ያለው እንደ አባቱ እግር ኳስ ላይ ነበር። ቅርጫት ኳስ ውስጥ ያስገባው ስፒሮስ ቬሊኒያቲስ የሚባል አሰልጣኝ ነው። ሰውየው ሴፖሊያ ውስጥ ወንድማማቾቹን ሲሯሯጡ አያቸው። ያኒስ ያኔ ወደ 13 ዓመቱ ነበር። ኳስ አይደለም ያየው፤ የእግሩን ርዝመትና አሯሯጡን ነው።

አሰልጣኙ ወላጆቹን ሲያነጋግር ስለ ዝናና ስለ አሜሪካ አላወራም። የተነጋገሩት ስለ ሥራ ነው። ልጆቹ ከተጫወቱ ለቤተሰቡ ሥራና ድጋፍ እንዲገኝ ሊረዳ ቃል ገባ። ለዚህ ቤተሰብ ትልቁ ጥያቄ «ልጄ ኮከብ ይሆናል ወይ?» አልነበረም፤ «ነገ ምን እንበላለን?» ነበር።

ልጆቹ ዞግራፉ በሚባለው የአቴንስ ክፍል ያለ ፊላትሊቲኮስ የሚባል ትንሽ ክለብ ገቡ። ከሴፖሊያ ዞግራፉ ቅርብ አይደለም። ልምምዱ አምሽቶ ሲያልቅ ያኒስ ወደ ቤት መመለሱን ትቶ እዚያው ጂም ውስጥ ፍራሽ አንጥፎ የሚያድርበት ጊዜ ነበር።

ጫማውስ? ያኒስ እና ታናሲስ አንድ ጫማ ለሁለት ይጫወቱ ነበር። አንዱ ተቀይሮ ሲወጣ አውልቆ ለሌላው ይሰጠዋል። እዚህ ላይ አንድ ነገር ያዙልኝ፤ በ2019 ናይኪ ያኒስን በራሱ ስም ጫማ አወጣለት። ከወንድሙ ጋር ጫማ እየተቀያየረ ያደገው ልጅ ዛሬ የእሱን ጫማ የሚገዛ ወጣት በየአገሩ አለ።

በ2011 ወደ ዋናው ቡድን አደገ። ፊላትሊቲኮስ ግን ኦሊምፒያኮስ ወይም ፓናቲናይኮስ እንዳይመስላችሁ፤ ያኔ ሦስተኛ ዲቪዚዮን ነው የሚጫወተው። በ2012–13 ሁለተኛ ዲቪዚዮን ሲገቡ ያኒስ በአማካይ በጨዋታ 9.5 ነጥብ ብቻ ነበር የሚያስቆጥረው። በቁጥሩ ብቻ ብትመዝኑት ማንም ዞር ብሎ የሚያየው ልጅ አይደለም።

ታዲያ የኤንቢኤ መልማዮች እዚያች ትንሽ ጂም ድረስ ምን አመጣቸው? ቁመቱ ከ2 ሜትር በላይ ነው፣ ክንዱ ሲዘረጋ ወደ 2 ሜትር ከ21 ይደርሳል። እንደዚህ ዓይነት ተጫዋች አብዛኛውን ጊዜ ሪንግ ስር ቆሞ ኳስ ይጠብቃል። ያኒስ ግን ኳሱን ራሱ እያንጠረጠረ ያመጣል፣ እንደ አጭር ተጫዋች አይቶ ያቀብላል። ረጅም ሰው በየቦታው አለ፤ እንደዚህ የሚጫወት ረጅም ሰው ግን አልነበረም።

ዲሴምበር 2012 የስፔኑ ዛራጎዛ ለአራት ዓመት አስፈረመው። ግን አንድም ቀን አልተጫወተላቸውም። አሜሪካ ቀደመች።

ስሙ ለምን እንደዚያ ይጻፋል?

አሁን ወደዚያ ሜይ 2013 እንመለስ። ለድራፍት አሜሪካ መሄድ ያስፈልጋል፤ ለመሄድ ፓስፖርት ያስፈልጋል፤ ለፓስፖርት ደግሞ ዜግነት።

የቤተሰቡ ትክክለኛ ስም አዴቶኩንቦ ነው። ዮሩባ ነው፤ ትርጉሙም ዘውዱ ከባሕር ማዶ ተመለሰ እንደማለት ነው። ግሪክኛ ግን ለ«ድ» እና ለ«ብ» ድምፅ የራሱ ነጠላ ፊደል የለውም። «ድ» ለማለት ንን እና ትን አጣምሮ ይጽፋል፣ «ብ» ለማለት ደግሞ ምን እና ፕን። የግሪክ ባለሥልጣናት ስሙን በግሪክኛ ጻፉት፤ ከዚያ ፓስፖርቱ ላይ ያንን ፊደል በፊደል ወደ ላቲን ገለበጡት። ውጤቱ አንቴቶኩንምፖ የሚመስል፣ ዮሩባም ያልሆነ ግሪክም ያልሆነ ስም ሆነ። ዓለም የሚያውቀው ስም የተፈጠረው እንዲህ ነው። ስማቸው በእንግሊዝኛ ሲጻፍ ተበላሽቶ ፓስፖርት ላይ የቀረባቸው የእኛ ሰዎች ይሄን በደንብ ይገባቸዋል።

ስለ ዜግነቱ ግን መታለፍ የሌለበት ነገር አለ። ግሪክ በ2010 ለስደተኛ ልጆች ዜግነት የሚፈቅድ ሕግ አውጥታ ነበር። በፌብሩዋሪ 2013 የአገሪቱ ከፍተኛው የአስተዳደር ፍርድ ቤት ሕጉ ከሕገ መንግሥቱ ጋር ይጋጫል ብሎ ጣለው። ማለትም እንደ ያኒስ ግሪክ ለተወለዱ ብዙ ልጆች በሩ ተዘጋ። ያኒስ ዜግነቱን ያገኘው ከዚያ ከሦስት ወር በኋላ ነው። አገሪቱም በኢኮኖሚ ቀውስ ውስጥ ነበረች፤ ስደተኛ ጠሉ ወርቃማው ንጋት ፓርቲ ከአንድ ዓመት በፊት ፓርላማ ገብቶ ነበር። ልጁ ለኤንቢኤ ሲመረጥ እንኳ የፓርቲው መሪ በቴሌቪዥን ከዝንጀሮ ጋር አመሳስሎ ሰድቦታል።

ሚልዋኪ፣ ብርድ እና ባዶ ኪስ

ድራፍት ማለት ባጭሩ የኤንቢኤ ክለቦች አዳዲስ ተጫዋቾችን በየተራ የሚመርጡበት ሥነ ሥርዓት ነው። ደካማ ቡድን ቶሎ የመምረጥ ዕድል ይኖረዋል። በ2013 አንደኛ የተመረጠው አንቶኒ ቤኔት ነበር። ቤኔት ኤንቢኤ ውስጥ የቆየው አራት የውድድር ዘመን ብቻ ነው። ከያኒስ በፊት 14 ሰው ተጠርቷል። ይሄን የምነግራችሁ በነሱ ለመሳቅ አይደለም፤ የ18 ዓመት ልጅ ምን እንደሚሆን ባለሙያም በእርግጠኝነት እንደማያውቅ ለማሳየት ነው።

የመረጠው ሚልዋኪ ባክስ ነው። ከተማዋ ትንሽ ናት፣ ክረምቷ አጥንት ይሰብራል። ያኒስ ስሙዚ የሚባል ነገር ለመጀመሪያ ጊዜ ቀምሶ ደስታውን ትዊተር ላይ የጻፈው ያኔ ነው።

ኖቬምበር 2013 ላይ የሆነው ነገር ደግሞ ውጭ አገር ሆኖ ብር የላከን ሰው ሁሉ ያስታውሳል። የጨዋታ ቀን ነው። ያኒስ በታክሲ ገንዘብ መላኪያ ቤት ሄዶ በኪሱ ያለውን ገንዘብ ጠራርጎ ለቤተሰቦቹ ወደ አቴንስ ላከ። ወጥቶ ሲያይ ለመመለሻ ታክሲ የሚከፍለው ሳንቲም የለውም። በዚያ ብርድ፣ በስስ ልብስ፣ ወደ ስታዲየሙ መሮጥ ጀመረ። ሲሮጥ አንድ ባልና ሚስት አወቁትና መኪናቸው ላይ ጭነው አደረሱት። የኤንቢኤ ተጫዋች ነው እኮ!

ያ ዓመት በሜዳም ከባድ ነበር። ባክስ ከ82 ጨዋታ ያሸነፈው 15 ብቻ ነው፣ ከሊጉ የመጨረሻ። ያኒስ በአማካይ 6.8 ነጥብ አስቆጠረ። ቤተሰቦቹ ቪዛ ወዲያው ስላላገኙ ወራት ብቻውን አሳለፈ። በ2014 መጀመሪያ ወላጆቹና ታናናሾቹ መጥተው አብረውት መኖር ጀመሩ።

ከ6.8 ነጥብ ወደ ላይ

ቀጥሎ የመጣው በአንድ ሌሊት የሆነ አይደለም። በየዓመቱ አንድ ደረጃ ነው። አሰልጣኙ ጄሰን ኪድ ራሱ የዘመኑ ምርጥ ኳስ አቀባይ ነበር፤ በ2016 ኳሱን ለያኒስ ሰጥቶ «ጨዋታውን አንተ ምራ» የሚል ውሳኔ ወሰነ። በ2016–17 ያኒስ በነጥብ፣ በሪባውንድ፣ በአሲስት፣ ኳስ በመንጠቅና በብሎክ፣ በአምስቱም ከሊጉ 20 ምርጦች ውስጥ ገባ። ከእሱ በፊት ማንም አላደረገውም። በዚያው ዓመት ከሁሉም በላይ የተሻሻለ ተጫዋች ተብሎ ተሸለመ።

በሴፕቴምበር 2017 ግን አባቱ ቻርልስ በ54 ዓመታቸው በልብ ሕመም በድንገት አረፉ። ፖሊስ ሳያየኝ እያሉ ልጅ ያሳደጉት አባት የልጃቸውን ትልቁን ቀን አላዩትም።

በ2019 እና በ2020 ያኒስ የሊጉ ኮከብ ተጫዋች ሆነ። በ2020 የዓመቱ ምርጥ ተከላካይነትንም ደረበበት። በአንድ ዓመት ሁለቱን የወሰዱት ከእሱ በፊት ማይክል ጆርዳን እና ሃኪም ኦላጁዋን ብቻ ናቸው።

ግን ዋንጫ የለም። በ2019 በቶሮንቶ፣ በ2020 በማያሚ ተሸነፉ። ተጋጣሚዎች መድኃኒቱን አግኝተውለት ነበር፦ ሪንጉ ፊት ሦስት ሰው እንደ ግድግዳ አቁሙበት፣ ካለፈም ጥፋት ሥሩበትና ፍሪ ትሮው ይምታ። ፍሪ ትሮው ድክመቱ ነው። ለመምታት ረጅም ጊዜ ስለሚወስድ የተጋጣሚ ደጋፊዎች «አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት…» እያሉ በጩኸት ይቆጥሩበት ጀመር። ብዙ ሰው «ይሄ ልጅ ትልቅ ቡድን ካልገባ ዋንጫ አያገኝም» አለ። እሱ ግን ዲሴምበር 2020 ላይ እዚያችው ሚልዋኪ ለመቆየት የአምስት ዓመት የ228 ሚሊዮን ዶላር ውል ፈረመ። ያኔ በኤንቢኤ ታሪክ ትልቁ ውል ነው።

ጁላይ 20፣ 2021

በ2021 ለፍጻሜ ለመድረስ ከአትላንታ ጋር ሲጫወቱ ጉልበቱ ወደኋላ ታጠፈ። ቪዲዮውን ያየ ሰው ሁሉ ዓመቱ አለቀ ብሎ ነበር። ሁለት ጨዋታ ብቻ አረፈና ለፍጻሜው ተመለሰ።

ፊኒክስ የመጀመሪያዎቹን ሁለት ጨዋታዎች አሸነፈ። ባክስ ቀጣዮቹን ሦስት አሸነፉ። ስድስተኛው ጨዋታ ሚልዋኪ ላይ ነው። ያኒስ 50 ነጥብ፣ 14 ሪባውንድ፣ 5 ብሎክ። ያ ሲቆጠርበት የከረመው ፍሪ ትሮውስ? ከ19 ሙከራ 17ቱን አስገባ። ባክስ 105 ለ98 አሸንፈው ከ1971 ወዲህ፣ ከ50 ዓመት በኋላ ዋንጫ አነሱ። የፍጻሜው ኮከብም እሱ ሆነ።

ወንድሙ ታናሲስም የዚያው ቡድን አባል ነበር። ኮስታስ ደግሞ አንድ ዓመት ቀድሞ ከሌከርስ ጋር ዋንጫ ወስዷል። ከአንዲት የሴፖሊያ ቤት ሦስት የኤንቢኤ ሻምፒዮን!

ኳስ የማይችለው ልጅስ?

ጁላይ 26 ቀን 2024 የፓሪስ ኦሊምፒክ ሲከፈት የግሪክን ባንዲራ ከያዙት ሁለት ስፖርተኞች አንዱ ያኒስ ነበር። 18 ዓመት ሙሉ «የእኛ አይደለህም» ያለችው አገር ባንዲራዋን አስያዘችው።

ታሪኩ ደስ ይላል። እኔንም ደስ ይለኛል። ግን እዚህ ላይ ብንጨርሰው ግማሹን ነው ያወራነው።

በ1990ዎቹና በ2000ዎቹ አቴንስ ውስጥ ከአፍሪካ፣ ከእስያ፣ ከአልባኒያ ከመጡ ወላጆች የተወለዱ ብዙ ሺህ ልጆች ነበሩ። እነሱም እዚያው ተማሩ፣ እዚያው አደጉ። ቁመታቸው 2 ሜትር ከ11 አይደለም፤ ኳስም አይችሉም። ምናልባት ሒሳብ ጎበዝ ናቸው፣ ምናልባት ጥሩ ዳቦ ጋጋሪ፣ ምናልባት በምንም ጎበዝ አይደሉም። ለነሱ ወረቀቱ በሰባት ሳምንት አልተጣደፈላቸውም። ግሪክ ተወልደው ለተማሩ ልጆች የዜግነት መንገድ የከፈተው ሕግ በድጋሚ የወጣው በጁላይ 2015 ነው፤ እሱም ከነመስፈርቱ። ወርቃማው ንጋትን ደግሞ የአቴንስ ፍርድ ቤት በኦክቶበር 2020 የወንጀል ድርጅት ነው ብሎ ፈረደበት።

ስለዚህ የያኒስን ታሪክ «ከለፋህ ይሳካልሃል» ብላችሁ ብቻ ፖስት አታድርጉት። ለፍቷል፣ ማን ይክዳል! ግን ወላጆቹም ለፍተዋል፤ በልፋታቸው ልክ ወረቀት አልሰጣቸውም። አንድ ልጅ በተወለደበት ከተማ ያለ ፍርሃት ትምህርት ቤት ለመሄድ 50 ነጥብ ማስቆጠር የለበትም።

እናንተም ውጭ አገር የወለደች እህት ወይም ዘመድ ካለቻችሁ ዛሬ ስትደውሉ አንድ ነገር ጠይቋት፦ «የልጁን የልደት ወረቀት አውጥተሻል?» መብቱ በሕግ አለ። የሚጎድለው ብዙ ጊዜ ያቺ አንዲት ወረቀት ናት።